ጌሙን ማን መለሰው?

በገዛ እጃችሁ ያጠፋችሁት ነገር በማግስቱ እቦታው ላይ ተቀምጦ ጠብቋችሁ ያውቃል? ያን ጊዜ መጀመሪያ አፋችሁ ላይ የመጣው ጥያቄ «እንዴት ተመለሰ?» የሚለው ነው ወይስ «ማን መለሰው?» የሚለው? የእኔ ሁለተኛው ነበር። መልሱንም ማንም ሳይጠይቀኝ ሰጠሁ።

ነገሩን ያስታወሰችኝ ሉማሜ መናኸሪያ አጠገብ ሻይ ቤት ያላት አንዲት እናት ናት። እኔ እዚያ ከተማ ኮምፒውተር አስተምራለሁ። ባለፈው ሳምንት ላፕቶፕ በነጠላ ጠቅልላ ትምህርት ቤት ድረስ መጣች።

«መምህር፣ ይህን ጌም ከነሥሩ ይንቀሉልኝ። ሁለት ጊዜ ሰው ለምኜ አስጠፋሁት፤ ሁለቴም ተመለሰ። ልጁን ስጠይቀው አልነካሁም ብሎ ይምላል።»

«እውነቱን ቢሆንስ?» አልኳት።

«አይ መምህር! እርስዎ እሱን አያውቁትም።»

ይህን ስትል ከዓመታት በፊት ደብረ ማርቆስ፣ በእኛ ሳሎን ውስጥ የተባለው ሁሉ መጣብኝ።

ያኔ ዐሥረኛ ክፍል ነበርኩ። አባዬ የአንድ መሥሪያ ቤት ንብረት ጠባቂ ነበር፤ ቤታችን ውስጥ እንኳ መዶሻ ወስዶ ያልመለሰ ሰው ይጠየቃል። በኅዳር መግቢያ ላይ ጌም ቤቱን ሊዘጋ ከነበረ ሰው አንድ ኮምፒውተር ገዛ። በባጃጅ ሲያመጣው ኮብልስቶኑ እንዳይንጠው ስክሪኑን እንደ ሕፃን ታቅፎት ነበር። «ለትምህርት ነው» አለን፣ ገና ከመውረዱ። ስንከፍተው ግን ስድስት ጌም ተደርድሮ አገኘን፤ መኪናው፣ ኳሱ፣ ሌላውም ሌላውም። አንደኛውን ስነካው ሳሎኑ በተኩስ ተናወጠ።

«ቤቴ ውስጥ ጥይት?» አለ አባዬ። «አጥፋው! አንድም እንዳይቀር!»

እኔም አጠፋሁ። ያጠፋሁት ግን ስክሪኑ ላይ ያሉትን ምልክቶች ብቻ ነበር። ዛሬ ተማሪዎቼን መጀመሪያ የማስተምራቸው ይህን ነው፤ ምልክቱን ማጥፋት የቤት ቁጥር እንደ መፋቅ ነው፣ ቁጥሩ ቢፋቅ ነዋሪው አልወጣም። በማግስቱ ምልክቶቹ ሁሉ ተመልሰው ጠበቁን። በሌላው ቀን የትምህርት ቤታችንን መምህር ጠይቄ ትክክለኛውን መንገድ ተማርኩና፣ ፕሮግራሞቹን አንድ በአንድ ነቀልኳቸው። አባዬ አጠገቤ ቆሞ ስድስቱም መሄዳቸውን አየ። በማግስቱ ኮምፒውተሩን ስናበራ ስድስቱም ነበሩ። እኔ ቀደም ብዬ ከመኪናው ጌም ሁለት ጊዜ ቀምሼ ነበርና እንዳልጠረጠር ፈራሁ። አባዬ ዞሮ ሳያየኝ መቅደም ነበረብኝ።

«ጠዋት ጠዋት ቤት የምትውለው ማን ናት?» አልኩ።

አንጓችን ማለቴ ነው። አንጓች ዲማ የሚኖሩት የአባዬ ታላቅ ወንድም ልጅ ናት፤ እኛ ቤት ተቀምጣ ዘጠነኛ ክፍል ትማር ነበር። እኔ የጠዋት ፈረቃ፣ እሷ የከሰዓት። እማዬም አባዬም ጠዋት ሥራ ይገባሉ። ስለዚህ እስከ ምሳ ድረስ ከኮምፒውተሩ ጋር ብቻዋን ነበረች።

«አንጓች፣ ነክተሽዋል?» አለ አባዬ።

«ጌም አልነካሁም፣ ጋሼ። ጽሕፈት እለማመድበታለሁ። ደግሞ የጻፍኩትን አንድ ሰው እያጠፋብኝ ነው።»

የእኔም የባዮሎጂ ጽሑፍ ጠፍቶ ነበር፤ ያጠፋችው እሷ እንደሆነች አልተጠራጠርኩም። አሁን ቀድማ ስትከስ ብልጠቷ ገረመኝ። ከኪቦርዱ ሥር ሁለት የግብጦ ልጣጭ አነሣሁና መዳፌ ላይ አድርጌ አሳየሁ።

«ይህስ?»

ግብጦ ለማያውቅ፣ ተቆልቶ መራራነቱ እስኪለቅ ለቀናት ውኃ ውስጥ የሚነከር ጥሬ ነው። ልጣጩን በጥርስ ገፈፍ አድርገው ሲበሉት እጅ ከሳህኑ አይመለስም። አንጓች ከዲማ በመጣች ቁጥር አንድ ከረጢት ይዛ ትመጣለች።

«ኧረ ተው አንተ ልጅ፣ በልጣጭ ሰው ይከሰሳል?» አለች እማዬ። አባዬ ግን ልጣጩን ተቀብሎ አየው፤ ወንበሯንም አየ፤ ኮምፒውተሩንም አየ። ከዚያ ስልኩን አነሣ።

«ወንድም ጋሼ፣ ልጅቱን መጥተው ይውሰዷት። ትምህርቱን ትታ ጨዋታ ይዛለች።»

ጊዜው የጤፍ አጨዳ ነው። አጎቴ ቶሎ ቢመጡ ቅዳሜ ነው አሉ፤ ሁለት ቀን ቀርቷል። ከዓመቱ መካከል ተነሥታ አገር ቤት የገባች ልጅ ወደ ክፍል እንደማትመለስ፣ ለትዳር ሽማግሌ እንደሚላክባት ሁላችንም እናውቃለን። አንጓች አላለቀሰችም። ደብተሮቿን ቆጥራ በፌስታል አሰረችና በሩ አጠገብ አስቀመጠቻቸው። ሁለቱን ቀን ሁሉ እዚያው ነበሩ፤ ስወጣም ስገባም እሻገራቸው ነበር።

አባዬ ግን የንብረት ሰው ነው። እነሱ መሥሪያ ቤት አንድ ሰው ሲጠረጠር ዕቃ ቤቱ ይታሸጋል፤ መርማሪ እስኪመጣ ማንም አይገባም። እንደ ልማዱ ጌሞቹን እንደገና በፊቱ አስነቀለኝ፣ ኮምፒውተሩን አስጠፋና ማብሪያው ላይ ወረቀት ለጠፈበት። ሶኬቱም ላይ ሌላ ለጠፈ። የቢሮ ማኅተም አላመጣም፤ ሕግ ያውቃል። ቀኑን ጻፈና ግማሹ ወረቀቱ ላይ፣ ግማሹ ብረቱ ላይ እንዲያርፍ አድርጎ ፈረመ።

«ሁላችሁም ፈርሙ» አለ።

«እሷም?» አልኩ።

«እሷ ዋናዋ ናት።»

አንጓች ጎንበስ ብላ ስሟን ጻፈች፤ ቀና ስትል ዓይኗን እኔ ላይ ተከለች።

ቅዳሜ አጎቴ ደረሱ። ሌሊት በእግር ወጥተው በአይሱዙ መጥተዋል፤ ጋቢያቸው ላይ የጤፍ ብናኝ ነበር። እማዬ ምሳ ልታቀርብ ስትል «መጀመሪያ ልጄ አደረገች ያላችሁትን ልየው» አሉ።

አባዬ ወረቀቶቹን በባትሪ መረመረ። ፊርማው ሙሉ ነው። ወረቀቶቹን ቀደዳቸውና ኮምፒውተሩን አበራ።

ስድስቱም ጌሞች በተራቸው ቆመው ነበር።

እማዬ አማተበች። «ይህ የሰው እጅ አይደለም፤ ጸበል ይረጭበት» አለች። አባዬ መስኮቱን ሄዶ ገፋ አደረገው፤ ተቀርቅሯል። ከዚያ ቀስ ብሎ ወደ እኔ ዞረ።

«አንተ በትክክል ነቅለሃል?»

«አባዬ፣ አጠገቤ ቆመህ አይደለም ወይ?»

«ቆሜ ነበር። የምታደርገውን ግን አላውቅም።»

በዚያ ሳምንት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ አምኖ የማያምን ዓይን ምን እንደሚመስል አየሁ። አጎቴ ከዘራቸውን ይዘው ሁለታችንንም ያዩናል። ያኔ አንጓች ከበሩ አጠገብ ተናገረች።

«ጋሼ፣ አንድ ነገር ልሞክር? ከዚያ እሄዳለሁ።»

መጥታ ተቀመጠች። ባዶ ገጽ ከፈተችና በአንድ ጣቷ ፊደል እየፈለገች ስሟን ጻፈች። አስቀመጠችው። ኮምፒውተሩን አጠፋች፤ ጥቂት ጠብቃም መልሳ አበራችው። ሁላችንም እዚያው ነበርን፣ ማንም አልተነቃነቀም። ጌሞቹ አሉ። ስሟ የለም።

«አያችሁ?» አለች። «ያጠፉትን ይመልሳል፤ የጻፉትን ያጠፋል። ማንም አልነካውም።»

ሰኞ መምህራችን አስረዳኝ። ጌም ቤቶች ደንበኛ የነካካው ነገር እንደተበላሸ እንዳይቀርባቸው፣ ኮምፒውተሩ በጠፋና በበራ ቁጥር ሁሉን ወደ መጀመሪያው የሚመልስ ፕሮግራም ይጭኑበታል። ምልክቱ ከሰዓቱ አጠገብ ያለች ትንሽ የድብ ሥዕል ነበረች። በየቀኑ አያት ነበር። ሻጩ የይለፍ ቃሉን ነገረን፤ ፕሮግራሙን ፈታሁት፣ ከዚያ ስድስቱ ጌሞች አንድ ጊዜ ተነቀሉ፣ አልተመለሱም። ሥራው ሩብ ሰዓት እንኳ አልፈጀም።

የቅዳሜውን ግን ልጨርስ። አባዬ ጎንበስ ብሎ «ወንድም ጋሼ፣ ይቅር ይበሉኝ» አለ።

«እኔን ምን አደረግኸኝ? ያጣሁት የአንድ ቀን አጨዳ ነው» አሉ አጎቴ። በከዘራቸው ወደ አንጓች አመለከቱ። «ለተበደለችው ንገር።»

አባዬ ነገራት። አንጓችም «ይቅር ብያለሁ፣ ጋሼ» አለች። ደብተሮቿን ግን ከፌስታሉ አላወጣችም። ከአገሯ ልጆች ጋር አንድ ክፍል ቤት ተከራይታ፣ ከዲማ ስንቅ እየተላከላት ልትማር አባቷን ጠየቀች፤ እሳቸውም ትንሽ አሰቡና ፈቀዱ። ዕቃዋን እስከ ውጭው በር ተሸከምኩላት። እዚያ ስንደርስ ቆመች።

«ሙሉቀን፣ የዚያን ቀን ግብጦውን የበላነው ሁለታችንም ነን። ልጣጩ የኔ መሆኑን በምን አወቅህ?»

ዕቃዋን አቀበልኳትና ወደ ቤት ተመለስኩ። አንጓች ትምህርቷን ጨርሳ አሁን የጤና ባለሙያ ናት። በዓል ሲመጣ ትደውላለች፤ እማዬን ልትጠይቅ ትመጣለች፤ ታጫውተናለች። ከዚያች ቅዳሜ ወዲህ ግን እኛ ቤት አድራ አታውቅም።

ለሉማሜዋ እናት ጌሙን ከመንቀሌ በፊት ያንኑ አደረግኩ። ልጇን አስጠራሁና ስሙን አስጻፍኩት፤ ላፕቶፑን አጥፍቶ እንዲያበራው አደረግኩ። ስሙ እንደ ተጻፈ ቆየ። ልጁ አንገቱን ደፋ፤ «ከጓደኛዬ በፍላሽ እያመጣሁ መልሼ የምጭነው እኔ ነኝ» አለ።

«አላልኩዎትም?» አለች እናትየው።

«አሁን አወቁ» አልኳት። «ትናንት ግን ጠረጠሩ እንጂ አላወቁም ነበር።»

እናንተም ቤት እንዲህ ያለ ነገር ካለ፣ እባካችሁ ሞክሩት። ባዶ ገጽ ክፈቱ፣ ስማችሁን ጻፉ፣ አስቀምጡ፣ አጥፍታችሁ አብሩ። ስማችሁ ካለ ያኔ ሰው ጠይቁ። ከሌለም ከሰዓቱ አጠገብ ያሉትን ትንንሽ ሥዕሎች አንድ በአንድ እዩ። የግብጦውን ልጣጭ ግን እስከዚያ ባለበት ተዉት።