ብሶት አለባት

በ፲፱፻፶፬ ዓ.ም. የመኸር ወራት፣ አንድ ቅዳሜ ረፋድ ላይ፣ ባጫ ሚስቱን ገለቴን በበቅሎ አስቀምጦ ከፉሪ ተነሥቶ ሰበታ ጤና ጣቢያ አደረሳት። ማጭድ የቆረጠው እግሯ አብጦ ጠቁሯል፤ ትኩሳቱ ያንቀጠቅጣታል። ባጫ በቤቱ የሚናገረው ኦሮምኛ ነው፤ አማርኛውን የለቀመው ከገበያና ከቤተ ክርስቲያን ደጅ ነበር። የሚለውን መንገዱን ሙሉ ሲያሰላስል መጣ። «ባሰ» ማለትን ያውቃል፤ ከእርሱ ስም አወጣና ከመዝጋቢው ከዳኜ መስኮት ፊት ቆመ።

«ጌታዬ፣ ሚስቴ ብሶት አለባት።»

ዳኜ እግሯን አየ። ቀጥሎ ወረፋ የያዘውን ሰው አየ።

«ብሶት ካለባት አቤት ትበል። እኛ ዘንድ ያለው መርፌ ነው። ራፖር ጸሐፊው ከፖሊስ ጣቢያው አጥር ሥር ተቀምጦልሃል፤ ሂድና አቤቱታህን አስጽፍ።»

ወረፋው ሳቀ። ባጫ ግን ቀልድ መሆኑ አልገባውም፤ ማመልከቻ ሳይጻፍ ሐኪም የማይታይ መስሎት በቅሎዋን አዞረ።

ራፖር ጸሐፊው አለሙ ወረቀቱን ዘርግቶ፣ «ብሶቱ በማን ላይ ነው፣ ኦቦ?» አለው።

«በእግሯ ላይ።»

አለሙ ቀና ብሎ ገለቴን አየና ብዕሩን ጥሎ ተነሣ። «ባሰባት ማለትዎ ነው? ማነው ወደዚህ የላከዎ?»

ባጫና አለሙ በቅሎዋን እየጎተቱ ሲመለሱ ቀትር አልፎ ጤና ጣቢያው እስከ ሰኞ ተዘግቶ ነበር። በማግስቱ በጭነት መኪና አዲስ አበባ ወሰዷት፤ እግሯ ከጉልበቷ በላይ ተቆረጠ።

«ብሶት» ከ«ባሰ» የወጣ ቃል ነው። መከራ ሲብስበት ሰው የሚያሰማው እሮሮ ስሙን ያገኘው ከዚያው ነው። ስለዚህ ባጫ የሳተው የቃሉን ልማድ እንጂ ሥሩን አልነበረም። ዳኜም ነገሩ አልጠፋውም። የጠቆረ እግር ፊቱ ተዘርግቶ ሳለ በቃል መጫወትን መረጠ፤ ይህ ነውር እንጂ የቋንቋ ስሕተት አይባልም። የሳቁትም ድርሻቸውን ይውሰዱ፤ ከመካከላቸው ኦሮምኛ የማይሰማ አልነበረምና።

ከዚያ ወዲህ ባጫ ቅዳሜ ቅዳሜ ሥራውን ትቶ ከጤና ጣቢያው በር ይቆም ጀመር። ከገጠር የመጣውን ሁሉ በኦሮምኛ እየጠየቀ፣ «'ባሰብኝ' በል፤ ሌላ ቃል አትጨምር» እያለ ያስጠናል።

አንድ ቀን ዳኜ በመስኮቱ ብቅ ብሎ፣ «ይኼ ብሶተኛ ዛሬም መጣ?» አለ።

«አንተ ዳኜ፣ ያን ቀን የታመመች ሚስት እንጂ ብሶት አልነበረኝም። አሁን አለኝ። ተረኛውን ጥራ፤ እኔ እዚሁ ቆሜ እሰማለሁ።»

በዚህ ጊዜ ከወረፋው የሳቀ የለም። ዳኜ ተረኛውን ጠራ።