አስረካቢም ተረካቢም እኔ

ወረታ ውስጥ ባለ አንድ መሥሪያ ቤት ተላላኪ ነበርሁ። ትምህርቴ ስምንተኛ ክፍል ላይ ቆሟል። ሥራዬ ደብዳቤ ከክፍል ወደ ክፍል እያደረስሁ በማስረከቢያ መዝገቡ ላይ ማስፈረም ነው። ሰው ፊት መናገር ስለሚከብደኝ «ይፈርሙልኝ» እንኳ አልልም፤ መዝገቡን ገልጬ የሚፈረምበትን ቦታ በጣቴ አሳያለሁ።

ለመዝገብ ቤት ሠራተኛነት የደረጃ እድገት ማስታወቂያ ሲወጣ ተመዘገብሁ። የተጠየቀው ስምንተኛ ክፍልና የሥራ ልምድ ነበር። ሁለቱም ነበሩኝ። ነገር ግን በኮንትራት የሠራሁት ዘመን አይቆጠርም ተብሎ ወደቅሁ። ስምንተኛ ክፍል የሚጠይቅ የሥራ መደብ በየጊዜው አይከፈትም፤ ይህ ካለፈኝ ተላላኪ እንደሆንሁ መቅረቴ ነው።

ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው ባመለክት «ጊዜው አልፏል» አሉኝ። ቀኑን የቆጠሩት መውደቄን የሚገልጸው ደብዳቤ ከተጻፈበት ዕለት ጀምረው ነው። ደብዳቤው ግን ጠረጴዛ ላይ ሰንብቶ፣ ከሌሎች ጋር ተደራርቦ፣ ለራሴው እንዳደርሰው የተሰጠኝ ዘግይቶ ነበር። የሌላውን ሁሉ አስፈርሜ ስጨርስ አንድ ረድፍ ቀረ፤ የራሴ ስም። ክፍት ልተወው አልሆነልኝም። አስረካቢ በሚለው ፈረምሁ፣ ተረካቢ በሚለውም ፈረምሁ፣ ቀኑን ጻፍሁ።

ጉዳያቸው እስኪታይ በር ላይ የሚጠብቁ አንድ የቁሐር ሚካኤል ገበሬ አይተውኝ በሳቅ ፈረሱ።

«ሰጭም ተቀባይም ሆንሽ? ነገ ደግሞ ራስሽን ልትከሺ ነው!»

«ምን ላድርግ አያ፣ መዝገብ ክፍት አያድርም» አልሁ።

ኮሚቴው ሲመልሰኝ ያን ገጽ ለመዝገብ ቤት ኃላፊዋ አሳየኋቸው።

«እትየ፣ ይቆጡኛል ብዬ ነው የቆየሁት።»

«የምቆጣሽስ ይዘሽው ከተቀመጥሽ ነው! የመንግሥት ሠራተኛን ጉዳይ የሚያይ አስተዳደር ፍርድ ቤት አለ፤ ሂጂ!» ብለው ቅጂውን በማኅተም ሰጡኝ።

በፍርድ ቤት ደጃፍ ማመልከቻ የሚጽፉ ሞልተዋል። ጉዳዬን ለማላውቀው ሰው ከማስረዳት ግን ራሴው መጻፉ ቀለለኝ። ሦስት ጊዜ ገለበጥሁት።

ችሎቱ ደብረ ታቦር ነበር። ዳኛው «ልጄ፣ ደብዳቤው መቼ ደረሰሽ?» ሲሉኝ መንገዱን ሙሉ ያጠናሁት ቃል ጠፋኝ። ቅጂውን ጠረጴዛቸው ላይ አድርጌ ቀኑን በጣቴ አሳየኋቸው።

«አስረካቢዋ ማን ናት?»

«እኔ ነኝ።»

«ተረካቢዋስ?»

«እኔው ነኝ።»

ከኋላ የታፈነ ሳቅ ሰማሁ። የመሥሪያ ቤታችን የሰው ሀብት ኃላፊ ተነሡ። «ክቡር ዳኛ፣ ለራሷ የፈረመችው እንዴት ማስረጃ ይሆናል?» አሉ። እውነታቸውን ነው ብዬ ተስፋ ቆረጥሁ።

ዳኛው ቅጂውን አነሡ። ገጹን ከላይ እስከ ታች አነበቡት።

«ከእሷ ረድፍ በላይ፣ በዚያው ቀን ሌላ ደብዳቤ ተረክበው የፈረሙት ማን ናቸው?» ሲሉ ወረቀቱን ወደ ኃላፊው አዞሩት።

ኃላፊው መነጽራቸውን አውልቀው ጠጋ አሉ።

«ፊርማውስ የእኔ ነው» አሉ።

ለውሳኔ በተቀጠረው ቀን ቅሬታዬ በጊዜው እንደቀረበ፣ የኮንትራት ዘመኔም ተቆጥሮ መደቡ እንዲሰጠኝ ተወሰነ። ስመለስ ሚኒባሱ ገና ሳይንቀሳቀስ እንቅልፍ ጣለኝ። ለወራት እንዲያ ተኝቼ አላውቅም። ቁልቁለቱም፣ ሩዙ የሸፈነው ሜዳም ሳላየው አለፈ፤ ወረታ ስንደርስ የቀሰቀሰችኝ አጠገቤ የተቀመጠች ሴት ናት።

የፈራሁት ከዚያ በኋላ ያለውን ነበር። አለቃን ከሶ አብሮ መሥራት እንዴት ይሆናል? ኃላፊው የምደባ ደብዳቤዬን ሊሰጡኝ አስጠሩኝና ከላይ እስከ ታች አዩኝ።

«ረታሽኝ፤ እሺ። ያን ማመልከቻ ማን ጻፈልሽ?»

«ራሴ ነኝ።»

«ራስሽ?» በሩን ዘጉና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «እኔም የተያዘብኝ የደመወዝ እርከን አለ። የሰው ሀብት ኃላፊ ሆኖ ስለራሱ ቅሬታ ይጽፋል እንዳልባል አፍሬ ተውሁት።»

«ይንገሩኝና እጽፍልዎታለሁ» አልሁ። የደነገጥሁት ቃሉ ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው።

ኃላፊው አልሳቁም። ወንበር ስበው ሰጡኝ።