ሦስተኛ ማዕረግ በስሙ አይጻፍም

«ሰው ምሳ እየበላ የሞተ ሕፃን አይነሣም።»

ይህን ፊት ለፊት ያለኝ አሠሪዬ ነው። ዘንድሮ የካቲት ላይ፣ አርብ ከሰዓት በኋላ፣ እዚህ ጁባ ወንዙ ዳር ባለው ሆቴል፣ ቢሮው ውስጥ ቁጭ ብሎ። እስካሁን ትዝ ሲለኝ ደሜ ይፈላል። የሚያንገበግበኝ ግን እሱ ማለቱ ብቻ አይደለም። እኔ «እሺ» ብዬ መውጣቴ ነው።

ከመጀመሪያው ልናገር። ኛማል እባላለሁ። ያደግሁት ጋምቤላ፣ ስደተኛ ካምፕ ውስጥ ነው። እዚያው አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ጨርሼ ወደ ጁባ መጣሁ። ሰዉ «ወደ አገርሽ ተመለስሽ» ይለኛል፤ አይቻት ወደማላውቃት አገር እንዴት እንደሚመለስ እንጃ። እናቴ እዚያው ጋምቤላ ቀረች። እኔ እዚህ ጁባ፣ ማንጋቴን የሚባል የተፈናቃዮች ሰፈር የምኖረው ከአባቷ ጋር ነው። በኑዌር አያት «ጓንዶንግ» ይባላል፤ እኔም ሌላ ስም ጠርቼው አላውቅም።

ሆቴሉ ውስጥ እንግዳ ተቀባይ ነበርኩ። ባለቤቱ ጌታሁን ይባላል፤ የአዲስ አበባ ሰው ነው። ፊቱ ስቆም «ጋሼ» እና «እርስዎ» እለው ነበር። እዚህ ላይ ግን አንቱታው አልወጣ አለኝ፤ ይቅርታ።

ጌታሁን አንድ ፍቅር አለው፤ የድሮ መርከብ። የምግብ አዳራሹን ግድግዳ በመርከብ ፎቶ ሞልቶታል። አብዛኛዎቹ ውቅያኖስ ሲያቋርጡ የነበሩ ናቸው፤ አራት አራት ጭስ ማውጫ፣ እንደ ፎቅ የተደራረበ መስኮት፣ ባርኔጣ ያደረጉ ሴቶች። መሐል ላይ ሁለት ሦስት የናይል መርከብ አለ። ለእንግዳ ሁሉ ስለ እነሱ ማውራት ይወዳል። የትኛዋ መርከብ ላይ ሙዚቀኛ ነበር፣ የትኛዋ ላይ የመዋኛ ገንዳ ነበር፣ ሁሉንም በቃሉ ይለዋል።

አንድ ቀን «የእንፋሎት መርከብ ምሳ» አደርጋለሁ አለ። እሑድ ቀን፣ ለውጭ አገር ሰዎች፣ ድሮ በናይል መርከብ አንደኛ ማዕረግ ይበላ የነበረውን ምግብ አቀርባለሁ ብሎ። ወጥ ቤት የምትሠራው ዘሃራ፣ የወሎ ልጅ ናት፣ የምግብ ዝርዝሩን አይታ «የማክሰኞው ምስር ሾርባ እኮ ነው፤ ካፒቴን አርገው ሾሙት» አለችኝ። ሳቅን።

የጎደለው ሰው ብቻ ነበር። እውነተኛ የመርከብ ሠራተኛ የነበረ ሽማግሌ ፈለገ። እኔ አፌን ከፈትኩ። አያቴ ሠርቷል አልኩት። ማንም አላስገደደኝም፤ ራሴ ነኝ።

አርብ ዕለት ጓንዶንግን ይዤው መጣሁ። ሰማንያውን አልፏል፤ በዱላ ነው የሚሄደው። ለቤተ ክርስቲያን ብቻ የሚለብሰውን ኮት ለብሶ ነበር። ፎቶዎቹን አንድ በአንድ ሲያይ ቆየና የውቅያኖሷ ትልቅ መርከብ ላይ ሲደርስ ሳቀ። «ይቺ የኛን ወንዝ በአንድ ጉርሻ ትጨርሰዋለች» አለ በአማርኛ። አማርኛውን ጋምቤላ፣ ኢታንግ ገበያ ነው የለመደው፤ ሲፈልግ ከኔ ይሻላል።

ከዚያ «ሦስተኛ ማዕረግ የት ነው የሚቀመጠው?» ብሎ ጌታሁንን ጠየቀው።

ጌታሁን ደስ አለው። በትልልቆቹ መርከቦች ላይ ድሃው ከታች ነበር፣ ከውኃው በታች፣ ከሞተሩ ጎን ብሎ አስረዳው።

ጓንዶንግ አሰበና «ከታች ከሆነ ጥሩ ነው» አለ። «ከታች ያለውን ፈትቶ መተው አይቻልም። ከጎን የታሠረ ነው የሚፈታው።»

ጌታሁን አልገባውም። ቢሮው ገብተን ጓንዶንግ ቁጭ ብሎ ነገረን።

የናይሉ መርከብ ብቻውን አይሄድም ነበር። ሞተር ያለው፣ ከኋላው እንደ ወፍጮ የሚዞር መንኮራኩር ያለው፣ መሐል ላይ ነው። እሱ ላይ አንደኛ ማዕረግ ነው፤ ትንኝ እንዳይገባ በሽቦ ወንፊት የተሸፈነ ክፍል፣ ነጭ የጠረጴዛ ልብስ። በግራና በቀኙ ደግሞ ባርጅ የሚሉት ሞተር የሌለው ጠፍጣፋ ጀልባ በገመድ ይታሠራል። ሦስተኛ ማዕረግ እዚያ ነው፤ ከፍየል፣ ከማሽላ ጆንያ ጋር። ሰዉ የራሱን ከሰል ይዞ ይገባል፤ የራሱን ያበስላል። ጓንዶንግ ሥራው ገመድ ነበር። ያስራል፣ ይፈታል።

ወንዙ ሲጎድል ረግረጉ ውስጥ መንገዱ ይጠባል። መርከቡ ባርጆቹን ታቅፎ አያልፍም። ያኔ ባርጆቹን ደንገል ዳር አስረው ይተዋሉ፤ አንደኛ ማዕረግን አድርሰው ይመለሳሉ። ልማዱ ነው። በሁለተኛው ቀን መመለስ ነው።

አንድ ጊዜ የጓንዶንግ ሚስትና የመጀመሪያ ልጃቸው ባርጁ ላይ ነበሩ። ልጅቷ ገና እየዳኸች ነው። እሱ መርከቡ ላይ ሥራ ላይ ነው። ካፒቴኑ ፍታ አለው፤ ፈታ። ሁለት ቀን ነው ተባለ። ከተማ ሲደርሱ ግን አንደኛ ማዕረግ የተሳፈረ ባለሥልጣን መርከቡን ለሌላ ጉዞ ፈለገው። ጓንዶንግ ካፒቴኑን ለመነ፣ ሌላ ጀልባ ፈለገ፤ አጣ። የተመለሱት በስምንተኛው ቀን ነው። ሲደርሱ ባርጁ ላይ ያለው ከሰል አልቋል፣ እህል አልቋል፣ ሰዉ ያልፈላ ውኃ ይጠጣል። ልጅቷ በስድስተኛው ቀን ሞታለች። ደረቅ መሬት ስለሌለ ወንዙ ላይ ነው የለቀቋት።

«ሚስቴ አንድ ቀን አልወቀሰችኝም» አለ። «ግን እስክትሞት ድረስ ገመድ በእጇ አልነካችም። ፍየል እንኳ ጎረቤት ነበር የሚያስርላት።»

እኔ ይህን ታሪክ እንደዚህ ሙሉውን ሰምቼው አላውቅም ነበር። እናቴ «ከኔ በፊት አንዲት ነበረች» ትላለች፤ ሌላ አትልም።

ጌታሁን ቦርሳውን ሲነካካ ቆየና አባባ ሻይ ይጠጡ ብሎ ወደ አዳራሹ ላከው። በሩ እንደተዘጋ ነው ያንን ያለኝ። ሰው ምሳ እየበላ የሞተ ሕፃን አይነሣም። ቀጠለና ሽማግሌው በቋንቋው የፈለገውን ያውራ፣ ማን ይሰማዋል፣ አንቺ ግን ጥሩ ጥሩውን ተርጉሚ አለኝ። ደወሉን፣ ምግቡን፣ ጀንበር ስትጠልቅ ወንዙ እንዴት እንደሚያምር። ደግሞ እንደ ዘበት ኮንትራቴ በመጋቢት እንደሚያልቅ አስታወሰኝ።

እሺ አልኩ። እንኳን ልከራከር፣ ፊቴንም አላኮሳተርኩም።

ቦዳ በሚሉት የኪራይ ሞተር ብስክሌት ስንመለስ ጓንዶንግ ከኋላዬ «እነዚያ ፈረንጆች ይጽፋሉ?» ብሎ ጠየቀኝ። ይጽፋሉ አልኩት፤ ሥራቸው ሪፖርት መጻፍ አይደል። እንግዲያው የልጄን ስም ይጽፉልኛል አለ። የመርከቡ መዝገብ ላይ አንደኛ ማዕረግ በስሙ ይጻፍ ነበር፤ ሦስተኛ ማዕረግ ቁጥሩ ብቻ። ባርጁን መልሰው ሲያስሩ የመርከቡ ጸሐፊ ቆጠረ፣ አንድ ጎደለ፣ ቁጥሩን ሰርዞ ሌላ ቁጥር ጻፈ። «ኛሉዋል የሚል አንድም ወረቀት ላይ የለም» አለኝ።

የተባልኩትን ልነግረው ስችል አልነገርኩትም።

እሑድ ደረሰ። አሥራ አምስት የሚሆኑ ሰዎች መጡ፤ አብዛኞቹ በየመሥሪያ ቤቱ የሚሠሩ የውጭ አገር ሰዎች ናቸው። ጌታሁን ነጭ ኮት ለብሶ በር ላይ ይቀበላል። ሾርባው ሲቀርብ ጓንዶንግን መሐል ላይ ወንበር ሰጡት፤ እኔ አጠገቡ ቆምኩ።

በኑዌር ጀመረ። ድምፁን እንደዚያ ቀጥ አድርጎ ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። ስለ ገመዱ ተናገረ፣ እኔ መርከቡ ጠንካራ ነበር አልኩ። ስለ ደንገሉ ተናገረ፣ እኔ ዳር ዳሩ በጣም ያምራል አልኩ። ስለ ስምንቱ ቀን ሲናገር እኔ በእንግሊዝኛ ጉዞው ረጅም ነበር፣ ሰዉ ግን እየዘፈነ ይሄድ ነበር አልኩ። እግዜር ያሳያችሁ፤ እየዘፈነ። ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ጌታሁን ከዳር ሆኖ ራሱን ይነቀንቅልኛል።

መጨረሻ ላይ ጓንዶንግ ቆመ። ዱላውን ወንበሩ ላይ አስደግፎ ቆመና ስሟን ጠራ። ኛሉዋል። ሁለት ጊዜ።

እኔ በእንግሊዝኛ ስላዳመጣችሁኝ አመሰግናለሁ ይላል አልኩ።

አጨበጨቡ። ሁሉም ፈገግ ብለው አጨበጨቡ፤ አንዱ ብርጭቆውን አነሣለት።

ጓንዶንግ ፊታቸውን አየ። አንድ በአንድ ነው ያየው። ከዚያ ወደኔ ዞሮ፣ ጌታሁንም እንዲሰማ ይሁን ምን እንጃ፣ በአማርኛ «ምን አልሻቸው?» አለኝ።

አልተቆጣም። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ያልኩት ያኔ ነው።

ማጨብጨቡ ገና አላለቀም ነበር። ይቅርታ፣ የተረጎምኩላችሁ ውሸት ነው አልኳቸው። እንግሊዝኛዬ ስናደድ ይሰባበራል፤ ግን ተናገርኩት። የዘፈነ ሰው የለም፣ ረግረግ ላይ ተትተው ተርበው ነበር አልኩ። አንድ ባለሥልጣን መርከብ ስላማረው ነው አልኩ። አሁን እናንተ የምትበሉትን ምግብ ይበሉ የነበሩት ሰዎች በሰላም ደርሰው ነበር፣ የዚህ ሰው ልጅ ግን ባርጁ ላይ ሞተች አልኩ። ይህን እንዳልናገር የተነገረኝም እዚህ ቤት ነው ብዬ ጌታሁንን በጣቴ ጠቆምኩት።

ጌታሁን ሳቅ ብሎ ልጃችን ዛሬ ስሜታዊ ናት፣ ዋናው ምግብ እየመጣ ነው አላቸው። ወደኔ ጠጋ ብሎ ጥርሱን ሳይከፍት በአማርኛ «ነገ እንዳትመጪ። ይሄ ለቅሶ ቤት አይደለም» አለኝ።

«ያንተ መርከብ ናት፤ ፍታና ተወኝ» አልኩት። አንቱታው ያን ጊዜ ነው የቀረው።

ጓንዶንግ እጄን ነካኝ። አሁንስ ምን አልሻቸው አለኝ። እውነቱን ነው፣ ሁሉንም ነገርኳቸው አልኩት።

«ስሟንስ?»

ስሟን አላልኩም ነበር። ያን ሁሉ ስናገር፣ ያን ሁሉ ስጮህ፣ ስሟ ከአፌ አልወጣም። «የዚህ ሰው ልጅ» ነው ያልኩት። እኔም እንደ ጸሐፊው ማለት ነው።

አንዲት ሽበታም ሴት መስኮቱ ጋ ተቀምጣለች። ቅድም ሁሉም ሲያጨበጭቡ እስክሪብቶ ይዛ እንደነበር አይቻለሁ። ጠረጴዛዋ ጋ ሄጄ ስሟ ኛሉዋል ነው፣ እባክሽ ጻፊልኝ አልኳት። ወረቀት ፈለገች፤ አጣች። የምግብ ዝርዝሩን ገልብጣ እስክሪብቶዋን ጀርባው ላይ አስቀመጠችና እንዴት እንደሚጻፍ ጠየቀችኝ። ፊደሉን አንድ በአንድ ነገርኳት። ጌታሁን ከኋላዬ እንግዶች ይጠብቃሉ ይላል። ሴትዮዋ ቀና ብላ አላየችውም። የአባቷንም ስም ጠየቀችኝ፤ ከሥሩ ጻፈችው። ከዚያ ወረቀቱን ለጓንዶንግ ዘረጋችለት።

ማንበብ አይችልም። ሁለቱንም መስመር ረዘም አድርጎ አየ። ጣቱን ላይኛው ላይ አሳረፈ።

«ይቺ ናት?» አለኝ።

«ናት።»

ወረቀቱን መልሶ ሰጣት። እንዳትጥለው ንገሪያት አለኝ፤ ነገርኳት። ሴትዮዋ ቦርሳዋ ውስጥ አጥፋ ከተተችው።

ዱላውን አቀበልኩት፣ ክንዱን ያዝኩት፤ በጠረጴዛዎቹ መሐል አልፈን ወጣን።