ሳልቬጅ የተጻፈበት ሣጥን

«ገመዱን ላላ አድርጉት! ላላ አድርጉት ብያለሁ፣ ይበጠሳል!» ብለው ጋሽ ኢድሪስ ሲጮሁ፣ ፍሙ ላይ የነበረው ዓሣ ተረስቶ በአንድ ጎኑ እያረረ ነበር። ገመድ አልነበረም፤ መርከብም አልነበረም። የነበረው ጅቡቲ ከተማ፣ ካርቲየ 5 የሚባለው ሰፈር ውስጥ ያለው ጠባቡ ግቢያችን፣ መብራት ስለጠፋ ሚስማር ላይ የተሰቀለ ፋኖስ፣ ጭሱ ዓይናችንን እያስለቀሰን የተኮለኮልን ልጆች፣ በሁለት እጃቸው ባዶ አየር የሚጎትቱ አንድ ሽማግሌ ብቻ ነው። ያኔ አሥር ዓመት ቢሆነኝ ነው።

ጋሽ ኢድሪስ የድሬዳዋ ሰው ናቸው፤ ጎረቤታችን። ዕድሜያቸውን የጨረሱት ወደብ ላይ፣ ትልልቅ መርከቦችን በምትጎትት ትንሽ ጀልባ ውስጥ ነው። ጡረታ ሲወጡ ይዘውት የመጡት አንድ የእንጨት ሣጥን ነበር፤ ጎኑ ላይ በጥቁር ቀለም፣ በፈረንጅ ፊደል «ሳልቬጅ» ተብሎ ተጽፎበታል። ወንበራቸውም፣ ጠረጴዛቸውም እሱ ነበር። የኢትዮጵያ ዕቃ ሁሉ በጅቡቲ መግባት የጀመረበት ጊዜ ስለነበር ወደቡ ቀን ከሌት ያጓራል፤ እሳቸው ግን የሚያወሩት ስለ አንዲት አሮጌ የጭነት መርከብ ብቻ ነው።

መርከቧ ድንጋይ ላይ ወጥታ ተቀምጣለች። ውሃው ሆዷን እየበላው ነው። የጀልባዋ አለቃ እንግሊዝኛ ተናጋሪ ነው፤ ብድግ ብሎ «ሳልቬጅ!» ሲል ሁሉም ወደየቦታው ይሮጣል። ገመድ ይወረወራል፣ ሞተር ይጮኻል፣ መርከቧ እንደ ሰነፍ በቅሎ እምቢ ትላለች፤ በመጨረሻ ጓ ብላ ከድንጋዩ ትላቀቃለች። ልጆቹ ያጨበጭባሉ። እኔ እዚህ ጋ ስንደርስ የለሁም። መንገድ ላይ ኳስ አለ፣ ጠብ አለ፣ የቆመ መኪና አለ፤ እግሬ አያስቀምጠኝም። ጋሽ ኢድሪስ «አንተ ጀማል፣ ወሬው አላለቀም!» ሲሉ ድምፃቸው ከኋላዬ ይቀራል። የቃሉንም ትርጉም ራሴ ሰጠሁት። ሳልቬጅ ማለት፣ ከውሃ አፍ ያወጣኸው ነገር ያንተ ነው ማለት ነው አልኩ። አለቀ።

አንድ ቀን፣ ከተማው ላይ ጠብ ያላለ ዝናብ ተራራው ላይ ወርዶ ኖሮ፣ ዓመት ሙሉ አሸዋ ብቻ የሆነው ወንዝ ከአሱር ሶላት በኋላ ድንገት ሰፈራችን ገባ። ድስት ይዞ መጣ፤ ፍራሽ፣ በር፣ የምትጮህ ፍየል ይዞ መጣ። በመሃል አንድ ሰማያዊ የቆርቆሮ ሣጥን እየተሽከረከረ ሲመጣ አየሁ። የልብስ ማስጫ ገመድ ወገቤ ላይ አሰርኩና ጫፉን ለጓደኛዬ ለሮብሌ ሰጠሁት።

«ወላሂ ከሄድክ አልጎትትህም!» አለኝ።

ሄድኩ፤ ጎተተኝ። ጉልበቴ ተልጦ፣ አፌ ጭቃ ሞልቶ ሣጥኑን አንድ ከፍ ያለ ደጃፍ ላይ አወጣሁት። በቁልፍ ተቆልፏል። በማግስቱ ጠዋት ከምድጃችን ከሰል አንስቼ፣ ከጋሽ ኢድሪስ ሣጥን ላይ የማውቃቸውን ፊደላት አንድ በአንድ ጻፍኩበት። ከዚያ ቁርሴን ልበላ ሄድኩ።

ስመለስ ሴቶች ራቅ ብለው ቆመዋል። ለካ ሊሴ፣ ፈረንሳይኛ ትምህርት ቤት የሚማረው፣ በፈረንሳይኛው የሚኮራው የሰፈራችን ልጅ ዋይስ ጽሑፉን አንብቦላቸው ኖሯል። «የጻፈው መሃይም ስለሆነ አንድ ፊደል ተሳስቷል እንጂ በፈረንሳይኛ ሶቫዥ ማለት ነው» ብሏል። «አውሬ! ውስጡ አውሬ አለ።» አንዷ የጅብ ግልገል ነው ትላለች፣ ሌላዋ ዘንዶ ነው፣ ሲተነፍስ ሰምቻለሁ ትላለች። መሃይም መባሉ ቢያንገበግበኝም ደስ አለኝ፤ ማን ይሰርቀኛል እንግዲህ?

ያኔ ነው እትዬ ሙሉ የመጣችው። ጋቦዴ በሚባል ሌላ ሰፈር፣ አንድ ቤት ውስጥ እያደረች የምትሠራ የደብረ ብርሃን ሴት ነበረች። አሠሪዎቿ ቤት ከፍራሽ በቀር ቦታ ስላልነበራት ሣጥኗን እኛ ሰፈር፣ አንዲት ያገሯ ልጅ ዘንድ አስቀምጣ ነበር። ዓይኗ አብጧል።

«ሰማያዊ ሣጥን ያያችሁ? ፓስፖርቴ እሱ ውስጥ ነው። ቅዳሜ አገሬ ልገባ ነበር። ልጄን የሁለት ዓመት ልጅ አድርጌ ነው ጥያት የመጣሁት፤ አሁን ስድስት ሞላት።»

«አንድ ሰማያዊ አለ፤ ግን አውሬ አለበት፣ እንዳትጠጊ» አሏት።

ከሩቅ አየችው። «የኔ ላይ ጽሑፍ የለም» አለችና በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ጠርጋ ሄደች። እኔ አጠገቧ ቆሜ ነበር። ሰምቻለሁ። 

እየሮጥኩ ጋሽ ኢድሪስ ዘንድ ሄድኩ። «ጋሼ፣ እኔም ሳልቬጅ አለኝ!» አልኳቸው። ምን ብለው እንዲመልሱልኝ እንደፈለግኩ እንጃ። ዱላቸውን ይዘው መጡ፤ ጽሑፌን አዩ፤ የዋይስን አውሬ ሲሰሙ እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ ሳቃቸውን ገታ አድርገው «ባለቤቱስ?» አሉኝ።

«እኔ ነኝ። ከውሃ ያወጣሁት እኔ ነኝ።»

«ማን ነገረህ?»

«እርስዎ።»

«እኔ? አንተ መቼ ጨርሰህ ሰምተኸኝ ታውቃለህ?»

ሣጥኑ ላይ ቁጭ አሉና ያላለቀውን ወሬ ጨረሱልኝ። መርከቧ ወደብ ስትደርስ ባለቤቷ ቆሞ ይጠብቅ ነበር። «ስትሄድም የሱ ነበረች፣ ድንጋይ ላይ ስትወጣም የሱ፣ እኛ ስንጎትታትም የሱ» አሉ። «ሳልቬጅ የሰው ንብረት ሊጠፋ ሲል አትርፎ ለሰውዬው ማስረከብ ነው። ስላተረፍክለት ድርሻ አለህ፤ ቢሰምጥብህ ግን ልፋትህ መና ይቀራል። ለራሱ ይዞ የሚቀረውማ ስሙ ሌላ ነው፤ እሱን ስም ደግሞ ሳትማር ታውቀዋለህ።»

አውቀዋለሁ። ንግግራቸው እንዳለቀ እግሬ ተነስቶ ነበር። የጋቦዴው ሚኒባስ አስፋልቱ ላይ ሰው ጭኖ ሊወጣ ሲል ደረስኩና ጎኑን በሁለት እጄ ደበደብኩት።

«እትዬ! ሣጥንሽ ነው! አውሬ የለበትም! የጻፍኩት እኔ ነኝ!»

ሾፌሩ በሶማልኛ ሰደበኝ፤ ተሳፋሪው ሳቀ። እሷ ግን አልሳቀችም፤ እንዴት እንደወረደች ሳላይ አጠገቤ ነበረች። ሣጥኑ ጋ ስንደርስ አንገቷ ላይ በክር ያንጠለጠለችውን ቁልፍ አወጣች፤ ጋሽ ኢድሪስ ተቀብለው ከፈቱላት። ልብሱ ሁሉ ርሷል። ከታች አንድ ወፍራም የሱፍ ሹራብ ተጠቅልሎ ነበር፤ በሹራቡ ውስጥ ላስቲክ፣ በላስቲኩ ውስጥ ፓስፖርቱ። ደረቅ ነበር። እትዬ ሙሉ ፓስፖርቱን ግንባሯ ላይ ለጥፋ መሬት ላይ ዘፍ አለች። ሴቶቹም ቀርበው አውሬውን ሊያዩ አንገታቸውን ወደ ሣጥኑ አሰገጉ።

ጋሽ ኢድሪስ በሽርደዳ «ባለ ሳልቬጁ ድርሻውን እየጠበቀ ነው» አሉ።

እትዬ ሙሉ ሹራቡን አነሳች። «ድርሻህ ይኸው፤ ጅቡቲ የባሕር ዳርቻ ናት ሲሉኝ ይበርዳል ብዬ ከደብረ ብርሃን ተሸክሜው መጣሁ» ስትል የተሰበሰበው ሁሉ በሳቅ ፈነዳ፤ እሷም ራሷ ሳቀች።

ከዚያ በኋላ እኔ ትምህርት ከአምስተኛ ክፍል አቋርጬ ወጣሁ፤ ዛሬም ከጠዋት እስከ ማታ ቡላኦስ ገበያ ውስጥ ስዞር ነው የምውለው። እግሬ አልተለወጠም። ጆሮዬ ግን ተለውጧል፤ ሰው ወሬ ከጀመረልኝ፣ የቱንም ያህል ቢያንዛዛው፣ ሳይጨርስ አልነሳም። ብዙ የእንግሊዝኛ ቃል አላውቅም፤ ያችን አንዷን ግን ትርጉሟን ማንም አያሳስተኝም። ሹራቡንም ዕድሜ ልኬን የለበስኩት አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ያን ቀን፣ ፀሐዩ አናት በሚበሳበት ሰዓት። እትዬ ሙሉ በጭንቅላቴ አጥልቃልኝ፣ ርጥቡ ሱፍ እየኮሰኮሰኝ፣ ውሃውና ላቤ በጀርባዬ እየወረደ፣ ጸጉሬ ቆሞ ብቅ ስል፣ ከምታሳድጋቸው ልጆች በለመደችው ፈረንሳይኛ ጉንጬን ቆንጠጥ አድርጋ እንዲህ አለችኝ፦

«አሁን ገና ሶቫዥ መሰልክ!»