ስጮህ ከሰሙ ሥራ ላይ ነኝ
ነገሩ የደረሰብኝ አምና ክረምት መግቢያ ላይ ነው። ሳወራው ሰው ሁሉ ይስቃል፤ እኔም አብሬ እስቃለሁ። ብቻዬን ሆኜ ሳስታውሰው ግን አሁንም ትንፋሽ ያጥረኛል።

በራሳቸው አቅም ፊልም ለሚሠሩ ወጣቶች ማጀቢያ ሙዚቃ እሠራለሁ። ስቱዲዮ መከራየት ስለማልችል ፉሪ፣ አከራዬ አዴ ጫልቱ ግቢ በተከራየኋት ክፍል ጥግ፣ ቁም ሳጥን የምታህል መቅረጫ በኮምፔንሳቶ ሠራሁ። ውስጧን በአሮጌ ስፖንጅ ፍራሽ ለበጥኳት። እጅ እንደ ልብ የማታስዘረጋ ብትሆንም ኮርቼባት ነበር።

ያን ሰሞን የያዝኩት ሱሉልታ የተቀረጸ ፊልም ነበር። አንድ ሰው ጉድጓድ ውስጥ ወድቆ ሲጣራ ሰሚ ያጣል። ዳይሬክተሩ ጩኸቱ ከሙዚቃው ጋር ተዋህዶ እንዲመጣ ስለፈለገ እኔው እየጮህኩ እቀርጽ ጀመር። ግቢው እንዳይሸበር ለአዴ ጫልቱ፣ ስጮህ ከሰሙ ሥራ ላይ ነኝ፣ እንዳይደነግጡ ብዬ ነገርኳቸው። እሳቸውም ለጎረቤቱ ሁሉ አዳረሱልኝ።

አንድ ቀን ከሰዓት ክራር ቀርጬ ልወጣ ስል የበሩ የውስጥ እጀታ ተነቅሎ እጄ ላይ ቀረ። በሩ የውጭ ድምፅ እንዲቀንስልኝ ጥርቅም ብሎ እንዲዘጋ አድርጌ የሠራሁት ነው፤ ብገፋው አልነቃነቅ አለ። ስልኬን ቀረጻ እንዳይረብሽ ሁልጊዜ ውጭ ነው የምተወው። ለአስሜ የምስበው መድኃኒትም እዚያው ጠረጴዛ ላይ ነበር።

መጀመሪያ በራሴ ሳቅሁ። ሙቀቱ ሲበረታና ደረቴ ሲታፈን ግን ሳቄ ጠፋ። በሩን እየደበደብኩ፣ አዴ ድረሱልኝ፣ ልሞት ነው እያልኩ ጮህኩ።

አንዲት ጎረቤት ምን ሆኖ ነው ብላ ስትጠይቅ ከሩቅ ይሰማኛል። አዴ ጫልቱ ረጋ ብለው መለሱላት።

"ተዪው፣ ፊልም ነው። ዛሬስ አሳምሮታል።"

ምላሴ ጉድ ሠራኝ። በጮህኩ ቁጥር ይበልጥ ሥራ ላይ ያለሁ እየመሰልኩ ነው። አቅሜ ሲያልቅ ወለሉ ላይ ቁጭ አልኩና እናቴን አሰብኩ፤ ሬሳዬን ማን ያገኘው ይሆን አልኩ። አለቀስኩ፣ አልደብቅም።

ምን ያህል እንደቆየሁ አላውቅም። ድንገት በሩ ከውጭ ተከፈተና አዴ ጫልቱን አየኋቸው። መድኃኒቴን አቀብለውኝ፣ ትንፋሼ እስኪመለስ ጀርባዬን ሲያሹልኝ ቆዩ። እንዴት አወቁ አልኳቸው።

"ጮኸህ ስታበቃ ሁሌ የቀረጽከውን መልሰህ ከፍተህ ጆሯችንን ታደነቁረዋለህ" አሉኝ። "ዛሬ ጮህክ፣ ጮህክና ዝም አልክ። ዋቃ ኮ! ዝምታህ ነው ያስፈራኝ።"

ለካ ኮምፒውተሩ ያን ሁሉ ሲቀርጽ ነበር። ለዳይሬክተሩ ምንም ሳልነግረው አሰማሁት። ራሱን ነቀነቀና "ትንሽ በዝቷል፤ የምር አይመስልም" አለኝ።

አሁን መቅረጫዋ በር የላትም፤ ብርድ ልብስ ሰቅዬባታለሁ። አዴ ጫልቱ ታዲያ ድምፄ ከፍ ባለ ቁጥር ይመጡና ብርድ ልብሱን ገለጥ አድርገው "አለህ?" ይሉኛል። ቀረጻው ይበላሻል። አለሁ እላቸውና እንደገና ከመጀመሪያው እጀምራለሁ።