አለሁ የሚባል ልጅ

«የልጁ ስም?» አለ የመዝገብ ቤቱ ጸሐፊ፣ ቀና ሳይል።

«አለሁ» አለ አባትየው።

«መኖርህንማ አየሁ። የልጁን ስም ነው የጠየቅኩህ።»

«እሱኑ ነው የነገርኩህ።»

ጸሐፊው ከወንበሩ ሊወድቅ እስኪደርስ ሳቀ። እሱ ብቻ አይደለም፤ ስሙን የሰማ ሁሉ መጀመሪያ ይስቃል፣ ቀጥሎ ምክንያቱን ይጠይቃል፣ መልስ ሲያጣ ደግሞ ከራሱ ይፈጥራል። አንዷ ጎረቤት «አባቱ ታሞ ከሞት አፋፍ ሲመለስ የተወለደ ነው» ትላለች። ሌላዋ ደግሞ «ምን ታሞ! እናቲቱ ለባሏ ዘመዶች የትም አልሄድላችሁም ለማለት ያወጣችው የነገር ስም ነው እንጂ» ትላለች። አባትየው ሲጠየቅ ያስላል፣ ሰዓቱን ያያል፣ መንገዱን ይቀጥላል። ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። የዚህን ልጅ ስም ያወጣው ግን ፍርሃት ነው።

አባትየውን ሰፈሩ የሚጠራው ድንጉጤ እያለ ነው። ጥላውን የሚፈራ ሰው ነው። ውሻ ይፈራል፣ ነጎድጓድ ይፈራል፣ በር ሲንኳኳ ይፈራል፣ ሲስቅ እንኳ «ይሄ ሳቅ ምን ያመጣብኝ ይሆን» ብሎ መሀል ላይ ያቆማል። እንዲህ ያለ ሰው የሚሠራው ደግሞ ጣራ ላይ ነው። አትፍረዱበት፤ ሆድ የማያወጣው ጣራ የለም።

ሥራው ገመድ መያዝ ነው። ቀለም ቀቢው በሁለት ገመድ በተንጠለጠለች ሳንቃ ላይ ተቀምጦ የረጃጅም ሕንፃዎችን ግድግዳ እየቀባ ቀስ በቀስ ይወርዳል። ከቀቢው ወገብ የተነሣ ሦስተኛ ገመድ ደግሞ ጣራው ላይ ድንጉጤ እጅ ውስጥ አለ። የነፍስ ገመድ ይሏታል። ሳንቃዋ ብትከዳ የምታድነው እሷ ናት። ሁለቱ ሰዎች አይተያዩም፣ ስለዚህ አንድ ልማድ አላቸው። ቀቢው ብሩሹን ከመንከሩ በፊት ከታች «አለህ?» ይላል። ከላይ «አለሁ!» የሚል መልስ ይመጣል። መልስ ካልመጣ ብሩሽ አይነከርም።

ቀቢው ጦጣው ይባላል፤ ግድግዳ ላይ ሲንቀሳቀስ ላየው ስሙ አያስገርምም። ደፋር ነው፣ ለፍላፊ ነው፣ ሳንቃው ላይ ሆኖ እግሩን እያወዛወዘ ያፏጫል። ድንጉጤ ጀርባውን ለገደሉ ሰጥቶ፣ ዓይኑን የደረጃው በር ላይ ተክሎ ሲቀመጥ፣ ሊወርድ ሲል እያየ «ያቺን በር እንዲህ የምታያት እጮኛህ ናት እንዴ?» ይለዋል። «ፈሪ ለእናቱ» ይላል ድንጉጤ፣ ሌላ መልስ የለውም። እውነትም ያቺን በር ያያታል። አንድ ቀን ክፉ ነገር ቢመጣ ገመዱን ጥሎ በዚያች በር የሚሮጥ ይመስለዋል። ከከፍታው ይልቅ የሚፈራው ይህንን ነው።

ሚስቱም ታውቀዋለች። የመጀመሪያ ልጃቸውን አርግዛ ቀኗ ሲገፋ፣ እሱ ከእሷ የባሰ ከሳ። ምጡ የጀመራት ጠዋት ታላቅ እህቷ መጥታ ልብሷን በዘንቢል ስትሰበስብ፣ እሱ ጫማውን ግራና ቀኝ አዟዙሮ አድርጎ በሩ ላይ ቆሞ ነበር።

«ስማ» አለችው ሚስቱ ግድግዳውን ተደግፋ። «አብረኸኝ ግባ አልልህም። ደም ካየህ እኔን ትተው አንተን ነው የሚያነሱት። ስደውልልህ ብቻ አንሳ። አለሁ በለኝ። ሌላ ምንም አልፈልግብህም።»

«አነሳለሁ።»

«ትጠፋለህ። አውቅሃለሁ እኮ።»

«ሙቺ! አነሳለሁ አልኩሽ!» አለ። ከአፉ የወጣውን ሲሰማ ራሱ ደነገጠ። በሰላሙ ቀን ሙቺ ማለት ሌላ ነው፤ ሁሉም ሰው በሚወደው ሰው ሞት ይምላል፣ የሚሞትም የለም። ምጥ የያዛትን ሴት ግን በር ላይ አቁሞ ሙቺ ይባላል? እህቷ አየት አደረገችውና ሚስቱን ደግፋ ወደ ሐኪም ቤት መንገድ ጀመረች። እሱም ወደ ሥራው ሄደ፣ ጫማውን እንኳ ሳያስተካክል። መንገዱን ሙሉ «ካላነሳሁ መሞቷ ነው፣ ካላነሳሁ መሞቷ ነው» ይል ነበር።

የዚያን ቀን የሚቀባው የዱቄት ፋብሪካው የጓሮ ግድግዳ ነበር። ወፍጮው ስለሚጮህ ውስጥ ያሉት ከውጭ የሚሆነውን አይሰሙም፤ በጓሮ በኩልም ዱቄት ሊጭን ከሚመጣ መኪና በቀር የሚያልፍ የለም። ድንጉጤ ስልኩን የጃኬቱ የደረት ኪስ ውስጥ አደረገ፣ ገመዷን በአየር ማስወጫው ቧንቧ ላይ አንድ ዙር አዞረ፣ ጀርባውን ለገደሉ ሰጠ። ጦጣው እያፏጨ ወረደ።

«አለህ?»

«አለሁ!»

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል። ፀሐይዋ አናት ላይ ስትደርስ ንፋስ ተነሣ፣ ወዲያው አንድ ነገር ጧ አለ። ከሳንቃዋ ሁለት ገመዶች አንዱ ተበጥሶ ነበር። ሳንቃዋ ዘመመች፣ የቀለሙ ባልዲ ወደቀ፣ ጦጣውም ተንሸራቶ በነፍስ ገመዷ ላይ ተንጠለጠለ። ድንጉጤ ከተቀመጠበት ተነቅሎ በጀርባው እየተጎተተ ሄደና ጫፉ ላይ ያለችው የጉልበት ቁመት ግንብ ያዘችው። እንደ ምንም ተገልብጦ ተረከዙን ግንቧ ላይ ተከለ። ቧንቧው ጎበጠ። ገመዷ በመዳፉ ውስጥ እየሸሸች ቆዳውን ይዛው ሄደች፣ ከዚያ ቆመች።

ከታች ፉጨት የለም።

«አለህ?» አለ ጦጣው። ድምፁ የሕፃን ድምፅ ሆኗል። «ወንድሜ፣ አለህ?»

«አለሁ!»

«አትልቀቀኝ! በናትህ አትልቀቀኝ!»

«አለሁ!»

ላብ ዓይኑ ውስጥ ገባ፣ የሚጠርግበት እጅ የለውም። ገመዷን የሆነ ነገር ላይ ልሰር ቢል አንድ እጁን ማላቀቅ አለበት፤ አንድ እጅ ከተላቀቀ ደግሞ ሌላው ብቻውን አይችልም። ጮኸ። ወፍጮው ድምፁን ዋጠው። ቧንቧው ከሥሩ እየተነቀነቀ ሲያቃስት በጆሮው ይሰማዋል። ያን ጊዜ አንገቱን ሲያዞር ዓይኑ በሩ ላይ አረፈ። በሩ ገርበብ ብሎ ነበር። እውነቱን ለመናገር ነፍሱ ደረጃውን ወርዳ ነበር፤ የቀረው ሥጋው ነው።

ስልኩ ጮኸ።

ደረቱ ላይ፣ ልቡ ላይ፣ ጮኸ። ማን እንደሆነ ያውቃል። ካላነሣ መሞቷ ነው፣ በገዛ አፉ ምሏል። አገጩን ወደ ኪሱ አጎነበሰ፣ በጥርሱ የጃኬቱን ጨርቅ ነከሰ፣ ሊደርስበት አልቻለም። ስልኩ ጮኸ፣ ጮኸ፣ ዝም አለ። ዝምታው ከጩኸቱ ባሰ። እንደገና ሲጮህ ድንጉጤ እንደ ሕፃን እያለቀሰ፣ ለስልኩ ይሁን ለገመዱ ሳያውቅ፣ «አለሁ! አለሁ! አለሁ!» ይል ጀመር።

«ሰማሁህ!» አለ ጦጣው ከታች፤ እሱም እያለቀሰ ነው።

ሚስቱ ግን አልሰማችም። ስልኩ ለመጨረሻ ጊዜ ጮኾ ተቋረጠና ከዚያ ወዲያ አልተመለሰም። «በቃ» አለ በልቡ። «ገደልኳት።»

ድምፁም አለቀ። «አለህ?» ሲባል አፉን ይከፍታል፣ ምላሱ ከላንቃው ጋር ተጣብቋል። «አለህ? ኧረ በፈጠረህ፣ አለህ?» ጦጣው መወራጨት ጀመረ፣ በተወራጨ ቁጥር ገመዷ ትርገበገባለች፣ ቧንቧው ይነቀነቃል። ፍርሃት አንዳንዴ ብልሃት ያስተምራል። ድንጉጤ አንድ እግሩን አነሣና ግንቧ የለበሰችውን ቆርቆሮ በተረከዙ ደበደበ። ጓ። ጦጣው ዝም አለ፣ መወራጨቱንም ተወ። «አለህ?» ጓ። «አለህ?» ጓ። እንዲህ እየተባባሉ ቆዩ።

ያዳናቸው ባልዲው ነው። ዱቄት ሊጭን መጥቶ ግድግዳው ሥር መኪናው ውስጥ የተኛ ሹፌር ከእንቅልፉ ሲነቃ የመኪናው መስታወት በነጭ ቀለም ተለስኖ አገኘው። «የማን ባለጌ ነው!» ብሎ ሊሳደብ ወረደ፣ ለመሳደብ ቀና አለ፣ ያየውን ሲያይ ስድቡ አፉ ውስጥ ቀረ። ጫኞቹን ጠርቶ ደረጃውን በሩጫ ወጡ። ገመዷን ከነድንጉጤ ይዘው ጎተቱ።

ጦጣው ጣራው ላይ በአራት እግሩ ተደፍቶ ሲተነፍስ ቆየ። ሰዎቹ ድንጉጤን ሊያነሡት ሲሞክሩ ግን አልነሣ አለ፤ አንድ ነገር ይዞታል። ጃኬቱን ገለጡ። የገመዷ ጫፍ ወገቡ ላይ ዞሮ፣ ሆዱ ላይ በድርብ ቋጠሮ ታስሯል። ጦጣው ቢወድቅ እሱም አብሮ መውረዱ ነበር።

«ይሄ ምንድን ነው?» አለ ጦጣው። «ዛሬ ነው ያሰርከው?»

ድንጉጤ ራሱን ነቀነቀ። «ሁልጊዜ» አለ በሹክሹክታ።

«እኔ ስወርድ ሁልጊዜ? ለምን? ሞኝ ነህ እንዴ? ይዘህ መቆም አይበቃም?»

«እንዳልሸሽ።»

ያ ለፍላፊ ሰው ጎንበስ አለ። ቋጠሮውን ለመፍታት ሞከረ፣ አቃተው። በመጨረሻ ሹፌሩ ነው በቢላ የቆረጠው።

ወደ ሐኪም ቤት የሄዱት በዚያው ቀለም በለበሰ መኪና ነው፤ ሹፌሩ አንገቱን በመስኮት አውጥቶ እየነዳ። ድንጉጤ ስልኩን በደማ ጣቱ ሲነካካ ባትሪው መሞቱን አየ። «ገደልኳት» አለ በሹክሹክታ። «ተው» አለ ጦጣው። «ሙቺ ብያት ነበር እኮ።» ኮሪደሩ ላይ ደርሰው የሚስቱ እህት ከአንድ ክፍል ስትወጣ አዩ። ዓይኗ ቀልቷል፣ ነጠላዋን በአፏ ላይ ይዛለች። ድንጉጤ ይህን ሲያይ እዚያው ወለሉ ላይ ቁጭ አለ። ሰው እንደዚያ ሲቀመጥ አጥንት ያለው አይመስልም።

«አሁን ገና መጣህ?» አለች እህትየው። «ስንት ጊዜ ደወለችልህ! ስትጮህ ስምህን ነበር የምትጠራው። ምን ያስቀምጥሃል? ተነሥ፣ ወንድ ልጅ ነው። ሁለቱም ደኅና ናቸው። ከጠዋት ጀምሮ አብሬያት ሳለቅስ ነው የዋልኩት፣ ደግሞ አንተን ላባብል?»

ገባ። ሚስቱ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ ተኝታለች፤ ሕፃኑ ጎኗ ተጠቅልሏል።

«ትጠፋለህ ብዬህ ነበር» አለች ሳትዞር።

አፉን ከፈተ፣ ድምፅ የለም። ከኋላው በሩ ላይ የቆመው ጦጣው ነው የነገራት። እንደ ልማዱ አላጋነነም፣ አላሳመረም። ስለ ገመዷ፣ ስለ ስልኩ፣ ስለ ቆርቆሮው፣ መጨረሻ ላይ ስለ ቋጠሮው ነገራት። «እህቴ፣ ዛሬ የምተነፍሰው በእሱ ነው» ብሎ ወደ ኮሪደሩ ወጣና አለቀሰ።

እሷ ቀስ ብላ ዞረች። «እጅህን አሳየኝ።»

አሳያት። መዳፉን በመዳፏ ያዘች።

«ስደውል ምን ስትል ነበር?»

«አለሁ።» ትንፋሽ እንጂ ድምፅ አልነበረም።

«አልሰማሁህም።»

«አለሁ።»

«አሁን ሰማሁህ» አለች፣ እንባዋ እየወረደ። ከዚያ ሕፃኑን አየችና «ስሙ እሱ ነው» አለች። እህቷ «ምን ዓይነት ስም ነው? ሰው ይስቅበታል!» ብላ ጮኸች። «ይሳቅበት» አለች ሚስቱ፣ ነገሩም በዚያው አለቀ።

ድንጉጤ ከዚያ ወዲህ ጀግና ሆነ ብዬ አልዋሽም። ዛሬም ውሻ ይፈራል። ዛሬም ጣራ ላይ ጀርባውን ለገደሉ ሰጥቶ ይቀመጣል፣ ወገቡንም ያስራል፤ አሁን ግን ቋጠሮውን የሚያጠብቅለት ጦጣው ነው። ሙቺ ብሎ መማል ግን ጭራሽ ትቷል።

ልጁ ለመጀመሪያ ጊዜ ትምህርት ቤት የገባ ቀን አባትየው ሥራ አልሄደም። ልጁን በር ላይ አስረክቦ ዞረና የክፍሉ መስኮት አጠገብ፣ ከአጥሩ ውጭ ቆመ። በጠባሳማ እጆቹ የአጥሩን ብረት ያዘ። መምህርቷ ስም ስትጠራ ሰማ። ይስቁበታል፣ ያለቅሳል፣ ይሸሻል ብሎ ፈራ።

«አለሁ!» አለች መምህርቷ።

ክፍሉ በሳቅ ፈነዳ። ከሳቁ ውስጥ መልስ አልተሰማም። ሳቁ አልበርድ አለ፣ የአባትየው ጣቶች ብረቱ ላይ ነጡ። መምህርቷ ልጆቹን ተቆጣችና ደግማ ጠራች።

«አለሁ!» አለ ልጁ፣ ቀጭን ድምፁን ከፍ አድርጎ።

ያኔ ነው ድንጉጤ ብረቱን የለቀቀው።