ወደ ኋላ የሚያይ ወንበር

በሶዶና በቤሌ ከተሞች መካከል የምትመላለሰዋን አውቶቡስ «እንግሊዟ» ነበር የምንላት። እንግሊዝ አገር ለአገር ጎብኚ የተሠራች ናት። አዲስ አበባ ቱሪስት ስታመላልስ ኖራ፣ በደርግ ጊዜ ተወርሳ፣ ኢሕአዴግ ከገባ በኋላ በጨረታ ተሸጣ እኛ ዘንድ ደረሰች። ሞተሯ የጃፓን፣ ጎማዋ ከየትም የተለቃቀመ፤ ከእንግሊዝነቷ የቀራት አካሏ ብቻ ነበር። መስኮቷ ቱሪስቱ ተራራ እንዲያይበት እስከ ጣሪያው ይወጣል። እኛ የዳሞታን ተራራ ለማየት ትኬት አንቆርጥምና፣ ፀሐዩ ሲያቃጥለን ጋዜጣ ለጠፍንበት።

ከሁሉ የሚገርመኝ ከሾፌሩ ጎን ያለው ታጣፊ ወንበር ነበር። አስጎብኚው እያወራ እንዲሄድ ታስቦ ፊቱ ወደ ተሳፋሪው ዞሯል። ስለሚያጥወለውል ማንም አይወደውም። ከመነሳታችን በፊት አንድ ሽማግሌ እዚያ ቆመው ይጸልያሉ፣ ኦርቶዶክሶቹ ያማትባሉ፣ ወንበሩም ታጥፎ ይቀራል።

ሶዶ አስተምር በነበረበት ጊዜ፣ አንድ የገበያ ቀን ከቤሌ ተደወለልኝ። «አባትህ ትንሽ አሞታል፤ ናና እየው።» ያቺ «ትንሽ» አላማረችኝም። በሕይወት ልድረስለት እንጂ ሌላ አልመኝም እያልኩ ወደ መናኸሪያ ሮጥኩ። እንግሊዟ ጠዋት ከቤሌ ያመጣቻቸውን ገበያተኞች ይዛ ልትመለስ ነው፤ ጢም ብላለች። ሾፌሩ ሲያየኝ ወረደ።

«ቲቸር፣ አንተማ ቆመህ አትሄድም» ብሎ ታጣፊውን ወንበር ዘረጋልኝ።

መኪናው ተነስቶ ቀና ስል፣ አውቶቡስ ሙሉ ሰው ፊት ለፊቴ ነው።

በእኛ ዘንድ መርዶ መንገድ ላይ አይነገርም። ሰውየው ቤቱ ይድረስ፣ ዘመድ ይክበበው፣ ያኔ ይነገረዋል። እስከዚያ ያወቀ ሁሉ እያጫወተ ይወስደዋል። ጎን ለጎን ለተቀመጠ ሰው ይህ አይከብድም። እንግሊዟ ግን ለዚህ አልተሠራችም።

ጎረቤታችን ዓይኔ ሲያርፍባት ነጠላዋን ወደ አፏ ሳበች። በወሬ የማይቻለው ቅቤ ነጋዴ፣ የሚታይ ነገር ያለ ይመስል፣ ጋዜጣ የተለጠፈበትን መስኮት ትክ ብሎ ያያል። ከመነሳታችን በፊት የጸለዩት ሽማግሌ ጨዋታ ጀመሩ። አንድ ክረምት ይህችን መኪና ከጭቃ ሲያወጡ አንድ እግር ጫማቸው እዚያው ቀረ፤ ሚስታቸውም «ለማን ሰጥተኸው ነው?» አለቻቸው። ድምፃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር።

ለካ ጠዋት ከቤሌ ሲነሱ ለቅሶው ተሰምቶ ኖሯል። አባቴ የለም። መጮህ ፈለግሁ። ግን እነዚያን ሁሉ ፊቶች አየሁ፤ እንዴት እንደሚለፉልኝ አየሁና አሳዘኑኝ።

ሳቅሁላቸው። ሽማግሌው ሌላ ጨመሩ፤ እንደገና ሳቅሁ። እንዲህ እያልን ቤሌ ገባን።

ሾፌሩ መናኸሪያው ሳይደርስ ደጃችን ላይ አቆመ። ስነሳ ሽማግሌው እጄን ያዙኝ።

«ከየት ጀምሮ አወቅህ፣ ልጄ?»

«ከሶዶ።»

«እኛም ማወቅህን ያወቅነው ከሶዶ ነው» አሉኝ። «አንተ ስትስቅ ጨዋታውን ማን ያቁም?»

ያን ጊዜ አለቀስኩ። አውቶቡስ ሙሉ ሰው ዕቃውን ትቶ ተከትሎኝ ወረደ።